በዝግመተ ለውጥ ትምህርት ላይ የሚነሣውን ክርክር በፊልም ለመሥራት፦ አዳራሹን፣ ሊቃውንቱንና መምህራኑን እንዴት እንቅረጽ?

ዓባይ ማዶ (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። የ40 ደቂቃ ዘጋቢ ፊልም እያሰናዳን ነው። ጉዳዩ የ12ኛ ክፍል ባዮሎጂ የዝግመተ ለውጥ ምዕራፍ ነው፤ በምሥራቅ ጎጃም መምህራን፣ ወላጆች፣ የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንትና ተማሪዎች ስለሱ ምን ይላሉ፣ የት ላይስ ይለያያሉ የሚለው። የፊልሙ ምሰሶ ደብረ ማርቆስ ውስጥ በአንድ ትምህርት ቤት አዳራሽ የሚደረግ ሕዝባዊ ውይይት ነው። 150 ሰው ያህል ይገኛል፤ ሁለት ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ከዚያ ሌላ ስምንት ቃለ መጠይቅ አለን።

ያለን ዕቃ፦ ሁለት ሚረርለስ ካሜራ፣ አራት መግቢያ ያለው የድምፅ መቅረጫ፣ ሁለት ገመድ አልባ ክሊፕ ማይክ፣ አንድ ሾትገን ማይክ (በዋናነት የዞረበትን አቅጣጫ የሚሰማ ረጅም ማይክ)። አዳራሹ ኮርኒስ የለውም፤ ጣሪያው ቆርቆሮ፣ ግድግዳው ባዶ ነው።

ሦስት ነገር ቸግሮናል። አዳራሹን በዚህ ዕቃ እንዴት እንያዘው? የሳይንሱን ቃላት ሳናዛባ በአማርኛ እንዴት እናቅርብ? አንድ የመጽሐፍ መምህርና አንድ የባዮሎጂ መምህር አቀራርበን ነገሩ የዶሮ ግጥሚያ እንዳይሆን ምን እናድርግ?

ድምፅ ይቅደም

ከድምፁ ልጀምር። በሕዝባዊ ውይይት ምስሉ ቢበላሽ ፊልሙ በሌላ ምስል ይጠገናል፤ ድምፁ ከተበላሸ ግን መጠገኛ የለውም።

ቆርቆሮ ጣሪያ በሦስት መንገድ ይጎዳችኋል። አንደኛው ዝናብ ነው፤ ስለዚህ በክረምት አትሞክሩት፣ መስከረምም ገና አያስተማምንም። ሁለተኛው ፀሐይ ነው። ከረፋዱ 5 ሰዓት በኋላ ቆርቆሮው ሲግል ይንጣጣል፤ ያ ድምፅ ከንግግር ጋር በአንድ ላይ ስለሚገባ በማጥሪያ አይወጣም። ከጠዋቱ 2 ሰዓት ተኩል ጀምሮ 5 ሰዓት ላይ መጨረስ ይሻላል። ሦስተኛው ማስተጋባት ነው። ባዶ ግድግዳ ላይ ከተናጋሪዎቹ ጀርባና ከፊት ለፊታቸው ብርድ ልብስ ወይም ወፈር ያለ ጋቢ ስቀሉ፤ ከግድግዳው አንድ ስንዝር ያህል ራቅ ቢል ይበልጥ ይውጣል። 150 ሰው ሲቀመጥ ራሱ ብዙ ድምፅ ስለሚውጥ በባዶ አዳራሽ የሰማችሁት አያስደንግጣችሁ። ዋናው መድኃኒት ግን ርቀት ነው። ማይኩ ከአፍ ያለው ርቀት በእጥፍ ሲጨምር ቀጥታው ድምፅ 6 ዴሲቤል ይወርዳል፤ ማስተጋባቱ ግን ባለበት ይቆያል። ለዚህ ነው ካሜራ ላይ የተሰካ ማይክ ከ8 ሜትር የሚቀዳው ንግግር ከጉድጓድ ውስጥ የወጣ የሚመስለው።

አራቱን መግቢያ እንዲህ አከፋፍሉ፦ አንዱ ከአዳራሹ ሚክሰር የሚመጣ ገመድ፣ ሁለተኛው ሰብሳቢው ላይ ክሊፕ ማይክ፣ ሦስተኛው መናገሪያ ጠረጴዛው ላይ ሁለተኛው ክሊፕ ማይክ፣ አራተኛው ወደ ሕዝቡ የዞረ ሾትገን። ከሚክሰሩ ስትወስዱ ከዋናው መውጫ ሳይሆን ከኦክስ ወይም ከሪከርድ መውጫ ይሁን። መቅረጫችሁ «ማይክ» ላይ ከተተወ የሚክሰሩ ኃይል ስለሚበዛበት ድምፁ ይሰነጠቃል፤ «ላይን» ላይ አድርጉት፣ ያ ከሌለው የ20 ዴሲቤል መቀነሻ መሐል ላይ ስኩ። ዝቅ ያለ የ50 ኸርዝ እምታ ከሰማችሁ መንስኤው መቅረጫውና ሚክሰሩ በየራሳቸው ሶኬት መሬት መያዛቸው ነው። መቅረጫውን በባትሪ ስታሠሩ አብዛኛውን ጊዜ ይጠፋል።

ልኩ፦ 48 ኪሎኸርዝ፣ 24 ቢት፤ ንግግሩ በመቅረጫው መለኪያ ላይ በአማካይ −18 ዴሲቤል አካባቢ ይሁን፣ ጩኸቱ ከ−10 አይለፍ። መቅረጫው 32 ቢት ፍሎት (በጩኸት ድምፅ የማይሰነጥቅ ዓይነት) ቢሆንም አትዘናጉ፤ ሚክሰሩ ላይ የተሰነጠቀ ድምፅ ተሰንጥቆ ነው የሚመጣላችሁ።

ክሊፕ ማይካችሁ በ2.4 ጊጋኸርዝ የሚሠራ ከሆነ 150 ስልክ በሞላበት አዳራሽ ይቆራረጣል። የሰው ገላም ሞገዱን ይጋርዳል። መቀበያውን ከተናጋሪው በ3 ሜትር ውስጥ፣ ፊት ለፊት በሚታይ ቦታ አስቀምጡ፤ ማሰራጫው የውስጥ ማስታወሻ ካለው ክፈቱት።

ከሕዝቡ ለሚነሣ አስተያየት ሁለት ማይክ ተሸካሚ መድቡ። ሰብሳቢው መጀመሪያ ላይ «ማይክ ያልደረሰው አይጀምር» ብሎ ያሳውቅ። እንዲያም ሆኖ ሽማግሌ ከተነሣ ማይክ አይጠብቅም፤ ማስቆምም ነውር ነው። ስለዚህ አንዱ ማይክ ተሸካሚ ከሽማግሌዎቹ ረድፍ አጠገብ ይቁም። ከመበተኑ በፊት ሕዝቡ ተቀምጦ ሳለ የ60 ሰከንድ ጸጥታ ቅረጹ። በሞንታዥ (ቀረጻውን ቆርጦ በመቀጠል) ጊዜ ንግግር ስትቆርጡ ክፍተቱን የምትሞሉት በዚያ ነው፤ የባዶ አዳራሽ ጸጥታ አይተካውም።

ባለ ምስሉ

በሁለት ካሜራ ይቻላል። አንዱ ተናጋሪውን፣ ሁለተኛው ከመድረኩ ጎን ሆኖ ከ70 እስከ 200 ባለው ሌንስ የአድማጩን ፊት ይያዝ። ሁለቱም ከተናጋሪውና ከሕዝቡ መሥመር በአንድ ወገን ይሁኑ፤ አለዚያ ሲቆረጥ ተናጋሪው ጀርባውን ለሕዝቡ የሰጠ ይመስላል። ስልክ በትራይፖድ አድርጋችሁ ጠቅላላውን አዳራሽ አስይዙት፤ ግን አውሮፕላን ሁነታ ላይ ይሁን፣ ስልክ ከተደወለ ቀረጻው ሊቋረጥ ይችላል።

በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሻተር 1/50። መብራታችን 50 ኸርዝ ስለሆነ በ1/60 ከቀረጻችሁ ፍሎረሰንቱ ይርገበገባል። አንዳንድ ሚረርለስ 30 ደቂቃ ሊሞላ ሲል ራሱ ያቆማል፤ ሁለቱን ካሜራ በአንድ ጊዜ አታስነሡ፣ በ10 ደቂቃ አበላልጡ። በ100 ሜጋቢት አንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ነው። ውይይቱ ብቻ በአንድ ካሜራ 112 ጊጋባይት ስለሚወስድ ባለ 128 ካርድ አፍ አፉ ድረስ ይሞላል፤ መሐል ላይ በዕረፍት ቀይሩ። ስምንቱን ቃለ መጠይቅ አንድ አንድ ሰዓት በሁለት ካሜራ ብትይዙ ከውይይቱ ጋር ወደ 945 ጊጋባይት ይመጣል። ባለ 2 ቴራ ዲስክ ሦስት ያስፈልጋችኋል፤ ሦስተኛው ከሌላ ሰው ቤት ይደር።

አንድ ነገር እዚህ አገር በጣም ያስቸግራል፦ ነጭ ጋቢና ነጠላ። ካሜራው በራሱ ሲለካ ነጩን አይቶ ያጨልማል፤ የሰዉ ፊት ጥላ ይሆናል። መለኪያውን በእጅ አድርጉና ፊቱን ለኩ፣ ዜብራውን (በጣም የበራውን ቦታ በመሥመር የሚያሳየውን የካሜራ ምልክት) 95 ላይ አድርጋችሁ የጋቢው እጥፋት እንዳይጠፋ ብቻ ጠብቁ። ተናጋሪዎቹን መስኮት በጀርባቸው አታስቀምጡ፤ በጎናቸው ይሁን።

ድሮን አታስቡት። ፈቃዱ አንድ ነገር ነው፤ ከዚያ በላይ ግን በዚህ ጊዜ በጎጃም ሰማይ ላይ ድምፁ ሲሰማ ሕዝቡ ይደነግጣል። ቾቄን ለማሳየት ከዳገቱ ላይ በትራይፖድ ማንሣት በቂ ነው።

ከባዮሎጂ ክፍል

የክርክሩ ግማሽ የቃል ጠብ ነው። ፊልሙ ይህን ካልለየ እሱም ያባብሰዋል።

መጀመሪያ «ሰው ከዝንጀሮ መጣ» የሚለው። በአዳራሹ ደጋግማችሁ ትሰሙታላችሁ፤ ከመምህራንም ጭምር። ሳይንሱ እንዲህ አይልም። ሰውና ቺምፓንዚ ከ6 እስከ 7 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የጋራ ቅድመ ዘር ነበራቸው፤ ያ ቅድመ ዘር ዛሬ ካሉት አንዱም አይደለም ነው የሚለው። አማርኛችን ጭራ ላላቸው ጦጣ፣ ዝንጀሮ፣ ጉሬዛ፣ ጭላዳ ብሎ ለይቶ ሲጠራ፣ ጭራ የሌላቸውን እነ ቺምፓንዚንና ጎሪላን በአንድ የሚጠራበት የተለመደ ቃል የለውም። ስለዚህ ሁሉም «ዝንጀሮ» ላይ ይወድቃል፤ ገበሬው ደግሞ ዝንጀሮ ሲባል የሚታየው እሸቱን የሚያጠፋበት ያ እንስሳ ነው። ተራኪው «የጋራ ቅድመ ዘር» ይበል። ተናጋሪው «ዝንጀሮ» ካለ ግን አትቁረጡት፣ አታርሙትም፤ የባዮሎጂ መምህሩ ቀጥሎ በሚመጣው ትዕይንት ላይ ይመልስ።

ሁለተኛ፣ «ንድፈ ሐሳብ»። ቃሉ ውስጥ «ሐሳብ» ስላለ «ያው ሐሳብ ነው፣ አልተረጋገጠም» ይባላል። በሳይንስ ንድፈ ሐሳብ ብዙ ማስረጃ አስተሳስሮ የሚያስረዳ ማብራሪያ ነው፤ በሽታ ከረቂቅ ተሕዋስያን ይመጣል የሚለውም በዚሁ ስም ነው የሚጠራው። ይህን ተራኪው ከሚናገረው መምህሩ ሰሌዳ ላይ ሲያስረዳ ብታሳዩ ይሻላል።

ቁጥሮቹን አጥሩ። ድንቅነሽ የተገኘችው በኅዳር 1967 ዓ.ም. አፋር፣ ሐዳር ነው፤ ዕድሜዋ 3.2 ሚሊዮን ዓመት፣ የተገኘው ከአጽሟ 40 በመቶ ያህሉ። ሰላም የተባለችው ሕፃን ከዲኪካ፣ 3.3 ሚሊዮን፤ ያገኛት በዘረሰናይ ዓለምሰገድ የሚመራው ቡድን ነው። አርዲ የተባለችው ሌላዋ የአፋር አጽም 4.4 ሚሊዮን። ብዙ ጊዜ የሚቀላቀለው ይህ ነው፦ ድንቅነሽ «የመጀመሪያዋ ሰው» ትባላለች፤ ግን የእኛ ዝርያ አይደለችም። የእኛ ዝርያ የሆኑት በአፋር ሄርቶ የተገኘው የ160 ሺህ ዓመት ቅሪትና በኦሞ ሸለቆ ኪቢሽ የተገኘው ናቸው። የኦሞው 195 ሺህ ሲባል ቆይቶ እ.ኤ.አ. በ2022 ከ230 ሺህ በላይ ተብሎ ታርሟል፤ አሮጌ ጽሑፍ ይዛችሁ እንዳትሳሳቱ። በብሔራዊ ሙዚየም ለሕዝብ የሚታየው የድንቅነሽ ቅጂ መሆኑንም ጽፋችሁ አሳዩ፤ «ዋናው ነው» ብሎ ማለፍ ተመልካች ሲያውቅ የፊልሙን እምነት ይበላዋል።

አሁን ወደ ስንዴ ልምጣ፤ ለጎጃም ፊልም ከአጽሙ ይልቅ ጉልበት ያለው ይህ ይመስለኛል። ዋግን፣ ስንዴ የሚያጠቃውን የፈንገስ በሽታ፣ የማያውቅ ገበሬ የለም። እ.ኤ.አ. በ2010 ቢጫ ዋግ በአገሪቱ ሲነሣ በሰፊው ይዘራ የነበረውን ኩብሳ የተባለ የስንዴ ዘር መታው። ከጥቂት ዓመት በኋላ ደግሞ ዋግ ይችላል የተባለውን ዲገሉ የሚባል ስንዴ በባሌ በኩል አዲስ የግንድ ዋግ ዘር ጣለው። ገበሬው «ዋጉ ዘሩን ለመደው» ይላል። አነጋገሩ ልክ ነው። ስንዴው ያው ነው፤ የተለወጠው ፈንገሱ ነው። ከብዙ ቢሊዮን ስፖሮች መካከል በዘረመል ለውጥ ምክንያት ያንን ስንዴ ማጥቃት የሚችል አንድ ይገኛል፤ ማሳው በሙሉ አንድ ዓይነት ዘር ስለሆነ እሱ ብቻ ይራባል። ይህ በዓይን የሚታይ ዝግመተ ለውጥ ነው፤ ፍጥነቱም በዓመታት የሚቆጠር።

አቀራረጹ፦ ከመስከረም አጋማሽ እስከ ጥቅምት፣ እነማይ ወይም ደጀን በኩል፣ ጠዋት ነፋስ ሳይነሣ። ቢጫ ዋግ ቅጠሉ ላይ በልብስ ስፌት መኪና እንደተሰፋ ቀጭን መሥመር ተሰልፎ ይታያል። ማክሮ ሌንስ፣ ብርሃኑ ከጎን። ገበሬው ቅጠሉን በአውራ ጣቱና በሌባ ጣቱ መሐል አድርጎ ይሳበው፤ ጣቱ ላይ እንደ እርድ ያለ ቢጫ ዱቄት ይቀራል። ጣቱ ላይ 8 ሰከንድ ቆዩ። አደራ፣ ከተያዘ ማሳ ወጥታችሁ ልብስና ጫማ ሳትቀይሩ ወደ ሌላ ሰው ማሳ አትግቡ፤ ስፖሩ በልብስ ይሄዳል።

የቅኔ ደጅ

ስለ ሊቃውንቱ። ጎጃም የቅኔ አገር ነው፤ ዋሸራ፣ ጎንጅ፣ ዲማ የሚሉት ስሞች ለማንም አዲስ አይደሉም። የመጽሐፍ መምህር ስትፈልጉ ግን ጥያቄያችሁ ሥነ ፍጥረት ስለሆነ የቅኔ መምህር ሳይሆን የትርጓሜ መምህር ፈልጉ። ሙያው የተለየ ነው፤ «የኔታ» ስለተባለ ብቻ ሁሉንም ሙያ አይወክልም።

የሀገረ ስብከቱ ደብዳቤ ይኑራችሁ፤ ከዚያ ወደ ደብሩ አለቃ፣ ከዚያ ወደ መምህሩ። ካሜራ ሳትይዙ አንድ ቀን ሂዱ። ጉባኤ በሚያካሂዱበት ሰዓት አትግቡ፤ በዐቢይ ጾም ቅዳሴው ከሰዓት በኋላ ስለሆነ ቀጠሮው ጠዋት ይሁን። በወር በዓላት፣ በተለይ በ12፣ በ21፣ በ27 እና በ29 አትቅጠሩ።

ካሜራውን በዓይናቸው ልክ አድርጉት። ከሥር ወደ ላይ ማንሣት ሰውን ያገንናል፤ ከላይ ወደ ታች ማንሣት ያሳንሳል። የባዮሎጂ መምህሩም በዚያው ቁመት፣ በዚያው ሌንስ፣ በሚሠራበት ቦታ ይቀረጽ። የኔታ ዛፍ ሥር፣ መምህሩ ቤተ ሙከራ ውስጥ መሆናቸው ልክ ነው፤ አንዱን ጨለማ ጎጆ ሌላውን ብርሃን የሞላው ክፍል ውስጥ ማስቀመጥ ግን ፍርድ ነው።

ጥያቄው «ዝግመተ ለውጥን ይቀበላሉ?» አይሁን። ይህ ጥያቄ «አልቀበልም» ከማለት በቀር ሌላ መንገድ አይሰጥም። «ስድስቱ ዕለታት በአንድምታው እንዴት ይተረጎማሉ?» ብላችሁ ጀምሩ። የአንድምታ ትርጓሜ ለአንድ ቃል አንድ ፍች ሰጥቶ «አንድም» ብሎ ሌላ ይጨምራል፤ ተማሪውም ሁለቱንም ይይዛል። ቀጥላችሁ ስለ ዋጉ ጠይቁ። ከዚያ ስለ ዘመን ጠይቁ፤ ከአዳም እስከ ክርስቶስ 5500 ዓመት የሚለው ቁጥር ከ3.2 ሚሊዮኑ ጋር ሲገናኝ ምን ይላሉ? መጨረሻ ላይ ስለ ሰው አፈጣጠር። በዚህ ቅደም ተከተል ልዩነቱ በትክክል የት እንደሚጀምር ይታያል። የዋጉ መለወጥ ላይ ላይለያዩ ይችላሉ፤ ዘመኑና ሰው ላይ ሲደርሱ ይለያዩ ይሆናል። ያንኑ አራት ጥያቄ በዚያው ቅደም ተከተል ለባዮሎጂ መምህሩም አቅርቡ።

በግዕዝ የጠቀሱትን ሳትተረጉሙ አትለፉ። የአማርኛውን ትርጉም ከራሳቸው ተቀበሉ እንጂ ከሌላ ሰው አታስገቡ።

ሞንታዥ

ለሦስተኛው ጥያቄ የምጨምረው አለኝ። ሁለት ወንበር አቀራርቦ ሁለት ሰው ማፋጠጥ ክርክሩን እኩል ያደረገ ይመስላል፤ ግን ሁለት የተለያየ ጥያቄ አንድ ያደርገዋል። «ማስረጃው ምን ይላል?» የባዮሎጂ ጥያቄ ነው፤ በዚህ ላይ ለሁለቱ እኩል ደቂቃ መስጠት ተመልካቹን ያሳስታል። «በክፍል ውስጥ ምን፣ እንዴት ይማር?» ደግሞ የሕዝብ ጥያቄ ነው፤ እዚህ ወላጅም ካህንም ተማሪም እኩል ድምፅ አላቸው። ፊልሙን በነዚህ ሁለት ጥያቄዎች ክፈሉት። ለሁለተኛው መነሻ ሕግ አላችሁ፦ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 90 ንዑስ አንቀጽ 2 ትምህርት ከሃይማኖት፣ ከፖለቲካ አመለካከትና ከባህል ተፅዕኖ ነጻ ሆኖ እንዲሰጥ ይላል። ይህ በተግባር ምን ማለት ነው ብላችሁ የዞኑን ትምህርት መምሪያ ባለሙያ ጠይቁ። በአሜሪካ በዝግመተ ለውጥ ትምህርት ላይ የተደረገውን እ.ኤ.አ. የ1925 የቴነሲ ችሎት ወይም የ2005ቱን የፔንስልቬንያ ፍርድ እንደ መክፈቻ አታምጡ፤ ያ ሙግት በእነሱ ሕግ ላይ የቆመ ነው፣ የእኛን ሰዎች የእነሱን ልብስ ያለብሳቸዋል።

ሃይማኖተኛ የሆነ የባዮሎጂ መምህር ፈልጉ፤ ዲያቆን ሆኖ የሚያስተምር ማግኘት አይከብድም። ተመልካቹ ሁለት ሰፈር ብቻ እንዳለ ካሰበ ክርክሩን አልተረዳውም። የዘረመል ሊቁ ቴዎዶስየስ ዶብዣንስኪ ራሱ የኦርቶዶክስ አማኝ ነበር።

ሥራው ላይ፦ መጀመሪያ ሁሉንም ንግግር ከነሰዓቱ ወደ ጽሑፍ አውጡ። የአንድ ሰዓት ንግግር ለመገልበጥ አንድ ሰው ከ5 እስከ 6 ሰዓት ይወስድበታል፤ አትዝለሉት። ከዚያ በድምፅ ብቻ 55 ደቂቃ ያህል ሰፍታችሁ ዓይን ጨፍናችሁ ስሙት፤ ሳይታይ የሚያስኬድ ከሆነ ምስል አልብሱት፣ 40 ላይ አውርዱት። የአንድን ዓረፍተ ነገር ግማሽ ከሌላ መልስ ግማሽ ጋር በፍጹም አትግጠሙ። ጥያቄው ሳይሰማ ትርጉሙ የሚለወጥ መልስ ካለ ጥያቄውን አስገቡ። አድማጭ ራሱን ሲነቀንቅ የሚያሳይ ምስል ያ ንግግር ሲነገር ከተቀረጸው ሰዓት ብቻ ይወሰድ፤ አሥር ደቂቃ ቆይቶ የነቀነቀን ሰው ለሌላ ንግግር ማጨብጨቢያ ማድረግ ውሸት ነው። ሞንታዡ ሳይዘጋ ለእያንዳንዱ ተናጋሪ የራሱን ክፍል አሳዩትና «ያሉት ይህን ነው?» ብላችሁ ጠይቁ። የሚያርመው የራሱን ቃል እንጂ የፊልሙን ሐሳብ አይደለም፤ ይህን አስቀድማችሁ ተስማሙ።

የግርጌ ጽሑፍ ላይ የግዕዝ ፊደል ሰፊ ነው፤ በአንድ መሥመር ከ28 እስከ 30 ፊደል፣ ከሁለት መሥመር አይለፍ። ፋይሉ በዩቲኤፍ-8 ይቀመጥ። በፍላሽ ለትምህርት ቤቶች የምታድሉት ከሆነ ጽሑፉን ምስሉ ላይ አትሙት፤ ብዙ ቴሌቪዥን ፊደላችንን ባዶ ሳጥን አድርጎ ነው የሚያሳየው።

ዓባይ ማዶ (ጠያቂ)

እግዜር ይስጥልኝ። አንድ ቀረኝ፦ ሁለት ተማሪዎች ይናገራሉ፣ ግን ማንነታቸው እንዳይታወቅ ይፈልጋሉ። ፊታቸውን አደብዝዘን ድምፃቸውን ብናወፍረው ይበቃል?

ድምፅ ይቅደም

አይበቃም። ያወፈራችሁትን ድምፅ ማንም በነጻ ፕሮግራም መልሶ ሊያቀጥነው ይችላል። ቃላቸውን በጽሑፍ አውጡና ሌላ ሰው ያንብበው፤ ያነበበው ሌላ ሰው መሆኑን በግርጌ ጻፉ። ፊትን ማደብዘዝም ዩኒፎርሙን አይሸፍንም፤ ከቀለሙ ትምህርት ቤቱ፣ ከትምህርት ቤቱ ልጁ ይታወቃል። ያለ ዩኒፎርም፣ ከመስኮት አጠገብ፣ እጃቸውን ብቻ ቅረጹ፤ ማዕተብ፣ ቀለበት ወይም ጠባሳ እንዳይታይ እዩ። ከ18 ዓመት በታች ከሆኑ የወላጅ ፊርማ ያስፈልጋል። ፊርማ ያለበትን ወረቀት ፎቶ አንሥታችሁ ከቪዲዮው ጋር አንድ ዲስክ ውስጥ አታስቀምጡት፤ ዋናውን ቅጂም በተናጠል፣ በይለፍ ቃል የተቆለፈ ዲስክ ላይ ያዙት።